የቫይኖ አልባሽ

ኖቬምበር 3፣ ሰኞ

ዛሬ ፒንያ ቫይኖን ለመጀመሪያ ጊዜ ብቻዋን አለበሰችው። ቶርስቲ ከመስታወቱ ወዲህ እጁን አጣምሮ ሲያያት ቆየና «እጇ ንጹሕ ነው» አለ። ለኔ አልነበረም ያለው፣ ለመስታወቱ ነው። አጠገቡ የቆምኩት ግን እኔ ነኝ። የዛሬ ሃያ ሁለት ዓመት ይህንኑ ቃል ለእኔ ነበር ያለው። ያን ቀን የለበሰውን ሹራብ ሳይቀር አስታውሳለሁ፣ ክርኑ ላይ የተጣፈ አረንጓዴ። አለቃ ሲሆን ሰው ቃል ያጥረዋል መሰለኝ።

በኤፕሪል ስትመጣ ያስተማርኳት እኔ ነኝ። እንዲህ ነበር ያልኳት፦ «ቫይኖ ፕላስቲክና ብረት ነው፣ ግን እንደ ሰው ያዥው። ሥራው ብርድ ክፍሉ ውስጥ ተኝቶ መሞቅ ነው። የመኝታ ከረጢቱን እናለብሰዋለን፣ ማሽኑ ገላው እንደ ሰው ገላ እንዳይቀዘቅዝ ስንት ዋት እንደበላ ይቆጥራል። ብዙ ከበላ ከረጢቱ ሙቀት ያፈሳል፤ ትንሽ ከበላ ጥሩ ነው። ከረጢቱ ላይ ‹ከዜሮ በታች እስከ ሃያ› ተብሎ የሚጻፈው ከዚያ ነው። ያንን አምኖ ጫካ የሚያድር ሰው አለ። ስለዚህ ሦስት ጊዜ ይለበሳል፣ ሦስቱም መስማማት አለባቸው። አልባሹ ከፈረመ በኋላ ማንም አይነካውም። ማንም።» አንገቷን እየነቀነቀች ጻፈችው። ጎበዝ ተማሪ ናት። ጎበዝ ተማሪ ነው እንግዲህ የሚያስወጣሽ።

ከጃንዋሪ ጀምሮ አልባሹ አንድ ሰው ብቻ ነው ብለዋል። ሌላኛው የወረቀት ሥራ ላይ ይቀመጣል። ዋናው ቢሮ የሚወስነው ዲሴምበር 12 ነው። ለጡረታ አራት ዓመት ቀርቶኛል። አራት ዓመት ወረቀት ሳገላብጥ፣ እሷ በመስታወቱ ወዲያ ቫይኖን ስታቅፍ ልያት?

ቅናት አይደለም። የሥራ ክብር ነው።

ኖቬምበር 6፣ ሐሙስ

እንደ ሐሙስ ሁሉ ምሳ ቤታችን የአተር ሾርባ ቀን። ከቡና ማሽኑ ጋ ስደርስ ቶርስቲና ፒንያ ጭንቅላት ለጭንቅላት ገጥመው ነበር።

«እንዳታውቅ ብቻ» አላት።

«አታውቅም። ፈጥኜ ነው የምወጣው።»

ሲያዩኝ ስለ በረዶ ጎማ ማውራት ጀመሩ። የስድሳ ዓመት ሰው! ሚስቱን አውቃታለሁ፣ ፋሲካ ላይ ካርድ ትልክልኛለች። ለሷ ነው ያዘንኩት እንጂ ለኔ ምኔም አይደለም።

ሾርባው አልወረደልኝም።

ኖቬምበር 9፣ እሑድ

ለቶርስቲ በየገናው የሱፍ ካልሲ እሠራለታለሁ። ዘንድሮ ክሩ ከነቅርጫቱ ተቀምጧል፣ ግማሽ ተረከዝ ሠርቼ ተውኩት። ጊዜ የለኝም። ካምናም የተረፈ ሥራ አለብኝ።

ባሌ ኡንቶ የኪያር ጠርሙሱን ሳልጠይቀው ከፍቶ ጠረጴዛ ላይ አስቀመጠው። ጡረታ ከወጣ ወዲህ እንዲህ ሆኗል፣ ክዳን ይከፍታል፣ ዚፕ ይስብልኛል፣ ቡሽ ይነቅላል። ሥራ የፈታ ወንድ። «እጄ የት ሄደና?» አልኩት። «የትም» አለና ጋዜጣውን አነሳ።

ኖቬምበር 14፣ ዓርብ

ወይዘሮ ሂልካ ኮርተሳልሚ መጡ። ሰባ አራት ዓመታቸው ነው፣ ድንበሩ አጠገብ ካለ መንደር አሥራ አንድ ሴቶች የሚሰፉበት ቤት አላቸው። ከረጢቱን በፖስታ አይልኩም፣ አቅፈው በአውቶቡስ ይዘው ይመጣሉ። የዛሬ ሁለት ዓመት ያመጡት ከዜሮ በታች ሃያ ሁለት ይችላል ብለው ነበር፣ እኔ ለክቼ አሥራ ሰባት ወጣ። ጫካ ውስጥ የጠፋ ሰው የሚፈልጉት በጎ ፈቃደኞች ያንን አይተው ከሌላ ገዙ። ያኔ ስልክ ደውለው «እርግጠኛ ነሽ?» ሲሉኝ «ቁጥር ቁጥር ነው» አልኳቸው። ደረቅ መልስ ነበር፣ አሁን ሳስበው።

ዘንድሮ በጎ ፈቃደኞቹ እንደገና ይገዛሉ። ሃያ ካላለፈ ቤቱ ይዘጋል።

«አስፈራራሁሽ እንዳትዪኝ» አሉ፣ «የሆነውን ነው የምነግርሽ።»

«ቫይኖ ሰው አይፈራም» አልኳቸው። ሳቁ።

ከረጢቱን ከማሸጊያው አውጥተው ራሳቸው አራገፉት። ውስጡ ታፍኖ የመጣው ላባ አንድ ቀን ሙሉ ተሰቅሎ መንፋት አለበት። ፒንያ ልታግዛቸው ስትል «አንቺ ማነሽ?» አሏት። «አዲሷ አልባሽ» ብላ መለሰች። አዲሷ አልባሽ! ማን ሾማት?

ኖቬምበር 18፣ ማክሰኞ

የመጀመሪያው ልክ። እኔ አለበስኩ። ኮፍያ፣ ካልሲ፣ ዚፕ፣ በመጨረሻም የቆቡን ገመድ ስቤ ፊቱ ብቻ እስኪቀር ማጥበቅ። የሂልካ ቤት ገመድ ደረቅ ነው፣ ያንሸራትታል። ብርዱም አለ። ፈረምኩ፣ ወጣሁ።

ጃኬቴን ሰቅዬ ስመለስ በመስታወቱ አየኋት። ብርድ ክፍሉ ውስጥ ቫይኖ ላይ ጎንበስ ብላ ሁለት እጇን ከአገጩ ስር አግብታለች። እኔ የፈረምኩበት ላይ!

ስትወጣ በሩ ላይ ጠበቅኳት። «ምን ረስተሽ ነው?»

«ሽቦውን እያየሁ ነበር። የላላ መስሎኝ።»

«ሽቦው በወገቡ ነው የሚገባው።»

«አዎ» አለች፣ ጆሮዋ ቀላ። «ይቅርታ ኢርመሊ።»

ውጤቱ ጥሩ ነው፣ ሃያ አንድ። ደስ አላለኝም። ፊቱ አጠገብ ነበር እጇ።

ኖቬምበር 20፣ ሐሙስ

ሁለተኛው ልክ። ፈርሜ ወጣሁና ዕቃ ክፍል ገብቼ በበሩ ስንጥቅ ጠበቅኩ። በዚህ ዕድሜዬ ከመጥረጊያ መሃል ተደብቄ! ገባች። ያንኑ አደረገች፣ ከአገጩ ስር። ከሁሉ የባሰው ቶርስቲ መስታወቱ ጋ ቆሞ ማየቱ ነው። ስትጨርስ ራሱን ነቀነቀላት። እንደዚያ ሲነቀንቅ ስንቴ አይቼዋለሁ፣ ለኔ።

አውቶቡስ ውስጥ ከንፈሬን ስነክስ ኖሬ ደም ቀመስኩ።

ውጤቱ ከማክሰኞው ጋር ልክ እኩል ነው። ሁለት ጊዜ ለብሶ ያለ ልዩነት! እጄ እንደ ድሮው ነው። ይህን ዋናው ቢሮ ያየው እንደሆን እንጃ።

ኖቬምበር 28፣ ዓርብ

የትንሹ ገና ግብዣ፣ ከገና በፊት መሥሪያ ቤቱ የሚያደርገው። ትኩስ ወይን፣ ዝንጅብል ብስኩት፣ የሒሳብ ክፍሉ ሰውዬ መዝሙር። ቶርስቲና ፒንያ ጎን ለጎን። እሱ ወደ ጆሮዋ ጠጋ ብሎ አንድ ነገር አለ፣ ሁለቱም ወደኔ ዞሩ። ወደኔም አይደለም፣ ወደ እጄ። ብርጭቆውን በሁለት እጄ ይዤው ነበር፣ ትኩስ ስለሆነ።

ፒንያ ተነስታ መጣች። «ላግዝሽ?»

«ምኑን? መጠጣቱን?»

ጠረጴዛው በሙሉ ሳቀ። እሷም ፈገግ አለች፣ ግን እንደተመታ ሰው ዓይነት ፈገግታ። ቶርስቲ አልሳቀም። ድሮ በኔ ቀልድ ከሁሉ በፊት የሚስቀው እሱ ነበር።

ኡንቶ ሊወስደኝ መጣ። መኪና ውስጥ የሆነውን ሁሉ ስነግረው ቆየሁ። ቤት ስንደርስ ሞተሩን አጥፍቶ «እና ቶርስቲ ምን ለብሶ ነበር?» አለኝ። ሰማያዊ ሸሚዝ አልኩት። ለምን እንደጠየቀኝ አልገባኝም።

ዲሴምበር 1፣ ሰኞ

ጻፍኩ። ለቶርስቲ አይደለም፣ ለዋናው ቢሮ። ፒንያ የተፈረመበትን ሁለት ጊዜ ነካች፣ ቀኑ ይህ፣ ሰዓቱ ይህ። እያንዳንዷ ቃል እውነት ናት። ስልከው ላቤ ጠብ አለ። እውነት ለጻፈ ሰው ላብ ምን ያደርግለታል?

ዲሴምበር 3፣ ረቡዕ

ፒንያ እስኪወሰን ድረስ ብርድ ክፍሉ እንዳትገባ ተከለከለች። ሁለቱም ልኮች ተሰረዙ። ሦስቱንም እኔ ብቻዬን እደግማለሁ፣ ቁልፉ እኔ ጋ ነው።

ስብሰባው ላይ «ለምን ነካሽው?» ሲሏት ቶርስቲን አየችው። ቶርስቲ ጫማውን አየ። «የምለው የለኝም» አለች። እንዲሟገት ጠብቄ ነበር። እንዲጮህላት። አልጮኸላትም፣ እኔም ደስ አለኝ፣ ከዚያ ደስታው ወዲያው ቆመ።

ቁልፉን አንገቴ ላይ አንጠልጥዬ ዋልኩ።

ዲሴምበር 5፣ ዓርብ

አዲስ ልክ፣ አንደኛ። ቫይኖ ከበፊቱ እጅግ ብዙ ዋት በላ። አሥራ ስድስት ወጣ። አሥራ ስድስት!

ማራገቢያውን አየሁ። ሽቦውን አየሁ። የበሩን ጎማ በእጄ ዳበስኩ። ምንም።

ተበላሽቷል ማለት ነው። ወይ እሷ አንድ ነገር አበላሽታለች።

ዲሴምበር 6፣ ቅዳሜ

የነፃነት ቀን። በየዓመቱ መስኮቱ ላይ የምናበራቸውን ሁለት ሻማዎች ኡንቶ ለኮሳቸው። ክብሪቱ እርጥብ ነበር፣ ሦስት ሰበርኩ።

ዲሴምበር 9፣ ማክሰኞ

ሁለተኛው አሥራ ስድስት። ሦስተኛው አሥራ ስድስት ተኩል። ሦስቱም ተስማምተዋል። ሕጉ እንደሚለው ውጤቱ ይህ ነው፣ ሊፈረም ይችላል። ብዕሩን አንስቼ አስቀመጥኩት።

ለወይዘሮ ሂልካ ደወልኩ። እስከ መጨረሻው ሰሙኝና «ነገ እመጣለሁ» አሉ።

«አያስፈልግም፣ መንገዱ ሩቅ ነው።»

«ሰውዬውን በዓይኔ ማየት እፈልጋለሁ።»

ዲሴምበር 10፣ ረቡዕ

ይህን በአንዴ ልጽፈው አልችልም፣ እያረፍኩ ነው የምጽፈው።

ወይዘሮ ሂልካ የድንች ኬክ ይዘው መጡ፣ በጨርቅ ጠቅልለው። በከረጢታቸው ላይ ሞት ላወጅኩት ለኔ ኬክ! ጃኬት አለበስኳቸውና ገባን። ቫይኖ ከሦስተኛው ልክ ወዲህ እንዳለ ተኝቷል፣ ማንም አልነካውም። ጎንበስ ብለው ፊቱን አዩት። ሁለት ጣት ቆቡ ውስጥ ከተቱ። ከዚያ እጃቸውን እስከ አንጓቸው አስገቡ።

«ይሄ ሰውዬ አንገቱን ከፍቶ ነው እንዴ የሚተኛው?»

«አጥብቄዋለሁ።»

«እስኪ አጥብቂው።»

ገመዱን ያዝኩ። ጓንቴን አውልቄ ያዝኩ። ሳብኩ። ገመዱ በጣቶቼ መሃል ሾልኮ ወጣ። እንደገና ሳብኩ። ድሮ በአንድ ትንፋሽ የምዘጋው ቆብ! አውራ ጣቴ እንቢ አለ። ደረቅ ገመድ ነው ልል አፌን ከፈትኩ፣ ሴትዮዋ ግን ገመዱን አያዩም ነበር፣ እጄን ነው የሚያዩት። መገጣጠሚያዎቼ እንደ አተር አብጠዋል። መች እንዳበጡ አላውቅም። አይ፣ አውቃለሁ። አምና ነው። ካምናም በፊት።

«ከመቼ ወዲህ ነው?» አሉኝ።

ጓንቴን መልሼ ላጠልቅ ሞከርኩ።

የራሳቸውን እጅ አወጡ። የሳቸው ከኔ የባሰ ነው፣ ጠማማ ሥር ይመስላል። «መርፌ ላይ ክር ማስገባት ካቆምኩ ስድስት ዓመቴ» አሉ። «ሴቶቹ ያስገቡልኛል። መጀመሪያ ዕለት ሽንት ቤት ገብቼ አለቀስኩ፣ ከዚያ ግን ‹አስገቡልኝ› አልኩ። ምን ይደረጋል?»

«እርስዎ ለራስዎ ነው» አልኩ። «እኔ የሰው ከረጢት ነው የለካሁት።»

ገባቸው። ፊታቸው ሲለወጥ አየሁ። የዛሬ ሁለት ዓመቱ አሥራ ሰባት። ኬኩን ይዘው ይመለሳሉ ብዬ ነበር። ጠረጴዛው ላይ ትተውት ሄዱ።

ፒንያ ከአገጩ ስር ምን ስታደርግ እንደነበር አሁን መጻፍ አያስፈልገኝም።

ዲሴምበር 11፣ ሐሙስ

ጠዋት ቶርስቲ ቢሮ ገብቼ በሩን ዘጋሁ። «ጣቶቼ አይሠሩም» አልኩት።

«አውቃለሁ።»

አውቃለሁ! ወንበር ሳበልኝ፣ አልተቀመጥኩም።

«ካለፈው ክረምት ወዲህ አውቃለሁ» አለ። «ፒንያን አንቺ ከወጣሽ በኋላ ገብታ እንድታጠብቅ ያዘዝኳት እኔ ነኝ። አልፈልግም ብላኝ ነበር፣ ሕጉን ያስተማረችኝ ኢርመሊ ናት ብላ። ለመንኳት። አራት ዓመት ነው የቀረሽ፣ እንዴት ብዬ ከቫይኖ ላንሳሽ?»

«ስብሰባው ላይ ጫማህን ስታይ የነበረው ታዲያ?»

«አንቺን እንዳላጋልጥ ነው።»

እንዳላጋልጥ። ልጅቷን አንገቷን አስቆርጦ። ከወር በላይ ሲንሾካሾኩ ቅናት ሲያቃጥለኝ የከረመው ለካ እኔው ነበርኩ ወሬያቸው። እያዘኑልኝ ነበር። ከሷ ጋር ተኝቶ ቢሆን ይሻለኝ ነበር፣ እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ ይሄንንም ጻፍኩት።

ከዚያ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ገመዱ ብልሽት ነበረበት እንላለን። ፒንያን በማስጠንቀቂያ እመልሳታለሁ፣ የሂልካ ቤት እንደገና ይለካል፣ ያልፋል። ሌላው እዚሁ ይቅር፣ በኔና ባንቺ መሃል።»

በኔና ባንቺ መሃል። ሃያ ሁለት ዓመት ካልሲ የሠራሁት አንድ ቀን ይህን እንዲለኝ ነበር መሰለኝ። እጁን ክንዴ ላይ አሳርፎ ነበር። «ላስብበት» ብዬ ወጣሁ። አፍሬያለሁ፣ ግን ክንዴ እስከ ምሳ ድረስ ሞቀኝ።

ዲሴምበር 12፣ ዓርብ

ዛሬ ነው የሚወስኑት። ከሥራ ቀረሁ። ደብዳቤ ልጽፍ የኮምፒውተር ማሽኑ ፊት ተቀመጥኩ፣ ጣቶቼ ፊደል ይስታሉ። ኡንቶን ጠራሁት። «እኔ ልናገር፣ አንተ ምታ» አልኩት። መነጽሩን አድርጎ በሁለት ጣት መምታት ጀመረ፣ እንደ ዶሮ እየለቀመ።

ጣቶቼ ቆብ መዝጋት ካቆሙ ሦስት ክረምት ሆኗቸዋል አልኩ። መታ። በነዚያ ክረምቶች የፈረምኩባቸውን ከረጢቶች ዘረዘርኩ፣ የኮርተሳልሚን ቤት ከላይ። መታ። ፒንያ የነካችው እኔ ልዘጋው ያልቻልኩትን ልትዘጋ ነው አልኩ። መታ። «ይበቃል» አልኩት። «አንብብልኝ።»

አነበበልኝ። ደህና ደብዳቤ ነበር። ግን ልጅቷ አሁንም ጥፋተኛ ናት። ማን እንዳዘዛት አልተጻፈም። እኔ ተናዝዤ ነጻሁ፣ እሷ በራሷ ፈቃድ ሕግ የጣሰች ሆና ትቀራለች። አንድ ስም ጎድሎታል።

ኡንቶ እጁን ማሽኑ ላይ እንዳደረገ ጠበቀኝ። መስኮቱን አየሁ። ከጠዋቱ አራት ሰዓት ነው፣ በዚህ በሰሜኑ ክረምት ገና እየነጋ ነው።

«ያዘዛት ሰው አለ» አልኩ።

«አለ አይደል» አለ ኡንቶ። ቀስ ብሎ ነው ያለው። «ልጻፈው?»

ሠላሳ አራት ዓመት አብሮኝ የኖረ ሰው ነው። አላየኝም። ማሽኑን ነበር የሚያየው፣ እኔን ላለማየት። ያን ጊዜ ነው ለምን ስለ ሸሚዙ እንደጠየቀኝ የገባኝ።

«ጻፈው» አልኩ።

ቶርስቲ የሚለውን ስም አንድ በአንድ ፊደሉን እየፈለገ መታው። ከዚያ «‹ላክ› የሚለው የቱ ጋ ነው?» አለኝ። አሳየሁት።

ዲሴምበር 19፣ ዓርብ

ቶርስቲ ወደ ዋናው ቢሮ ተጠርቷል፣ ሳምንቱን አልነበረም። ይመለስ አይመለስ አልተነገረንም። ሚስቱ ለሚመጣው ፋሲካ ካርድ የምትልክልኝ አይመስለኝም። እኔ ወረቀት ላይ ነኝ፣ ጠረጴዛዬ የመስታወቱን ጀርባ ያያል። የድሮ ልኮቼ በሙሉ እንደገና ሊታዩ ነው። ለወይዘሮ ሂልካ በራሴ ስም ጻፍኩላቸው፣ አልመለሱልኝም፣ መብታቸው ነው።

ከረጢታቸው ግን ሁለት ጊዜ ተለክቶ ሃያ አንድ ወጣ። ዛሬ ሦስተኛው ነበር። ፒንያ አልብሳ ሳትፈርም ወጣችና ጠረጴዛዬ አጠገብ ቆመች። ትቆጣኛለች ብዬ ነበር የጠበቅኩት፣ ሳምንቱን ሙሉ ከእሺና ከአይ በቀር አልተናገረችኝም።

«ሳልፈርም ግቢና እይው» አለች።

«ለምን?»

«ካየሽ ሳልፈርም እይ፣ ከፈረምኩ በኋላ አይደለም። እንደዚያ ነው ያስተማርሽኝ።»

ጃኬቴን ለበስኩ። ገባሁ። ከእግሩ ጀመርኩ። ካልሲው አልተሸበሸበም። ክንዱ ከጎኑ በትክክል ርቋል። ዚፑ ጨርቅ አልነከሰም። ላባው ሁሉ ቦታ ነፍቷል። ቆቡ ዙሪያውን ጥብቅ፣ አፍንጫና አፍ ብቻ። ጉድለት ፈለግኩ፣ አንድ፣ የፀጉር ታህል። እግዜር ያውቃል አጥብቄ ፈለግኩ። ብርዱ ጣቶቼን እስኪያደነዝዛቸው ድረስ እዚያው ቆሜ ፈለግኩ።

አጣሁ።

ወጥቼ «ፈርሚ» አልኳት።